መራራቅና መቀባበል፤ የአባ ኢቭ ኮንጋር ትምህርት ስለ ቤተ ክርስቲያን ሥልጣንና አንድነት

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ አሜን።

ወደ ቅድስት ሀገር የመጣችሁ ተሳላሚዎችና በገዳማችን የምትኖሩ ክቡራን አባቶችና እናቶች ሆይ፤ በጌታችን መቃብር ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ሌሊቱን በጸሎት ያሳለፈ ሰው ሁሉ የሚያውቀው ነገር አለ። ግሪኮች ቅዳሴያቸውን ሲፈጽሙ አርመኖች ይተካሉ፤ አርመኖች ሲያበቁ ላቲኖች ይገባሉ፤ ግብፃውያንና ሶርያውያንም በየስፍራቸው ያጥናሉ፤ የኢትዮጵያ መነኮሳት ደግሞ በጣሪያው ላይ ባለው በዴር ሡልጣን ጸሎታቸውን ያደርሳሉ። ሁሉም የሚሰግዱት ለአንድ ጌታ ነው፤ የሚሳለሙትም አንድ መቃብር ነው፤ ከአንድ ጽዋ ግን አይቀበሉም። ስለዚህ አስተዋይ የሆነ ተሳላሚ ሁለት ጥያቄ በልቡ ይዞ ይወጣል፤ አንደኛው ይህ መለያየት እንዴት መጣ የሚል ሲሆን፣ ሁለተኛው የተለያየውን አንድ ለማድረግ ሥልጣን ያለው ማን ነው የሚል ነው።

እነዚህን ሁለት ጥያቄዎች ዕድሜ ልካቸውን ሲመረምሩ ከኖሩት የምዕራብ ሊቃውንት አንዱ ፈረንሳዊው ካህን አባ ኢቭ ኮንጋር ናቸው። እኚህ ሰው የሮማ ካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን መምህር ስለ ነበሩ ትምህርታቸውን ሁሉ የራሳችን አድርገን የምንቀበለው አይደለም። ነገር ግን ስለ ቤተ ክርስቲያን ታሪክ መርምረው የጻፉት ለምሥራቆችም ለምዕራቦችም የሚጠቅም ነው፤ ደግሞም በሕይወታቸው እጅግ መራራ በነበረው ዘመን የተቀመጡት በዚህችው በኢየሩሳሌም ከተማ ነበርና ታሪካቸው ከተሳላሚ ጆሮ ሊርቅ አይገባውም። በዚህ ጽሑፍ የሚነገሩት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር መሆናቸውን አንባቢ ያስተውልልን።

አባ ኮንጋር የተወለዱት ኤፕሪል 13 ቀን 1904 ዓ.ም. በፈረንሳይ ሀገር፣ በቤልጅግ ድንበር አጠገብ ባለችው በሰዳን ከተማ ነው። የመጀመሪያው የዓለም ጦርነት በ1914 ሲነሣ የ10 ዓመት ልጅ ነበሩ። የጀርመን ጦር ከተማዪቱን በያዘ ጊዜ እነርሱ የሚጸልዩባትን የካቶሊኮች ቤተ ክርስቲያን በእሳት አቃጠለ። ምእመናኑ የሚቀድሱበት ስፍራ አጥተው በተጨነቁ ጊዜ የፕሮቴስታንቶቹ መጋቢ ትንሿን የጸሎት ቤታቸውን ለካቶሊኮቹ ፈቀዱላቸው፤ ካቶሊኮቹም ስድስት ዓመት ያህል በዚያ ተገለገሉ። ልጁ ኢቭ በእናታቸው ምክር በዚያ ክፉ ዘመን ያዩትን ሁሉ በደብተር ይጽፉ ነበር። ኋላም በሸመገሉ ጊዜ ለክርስቲያኖች አንድነት ያላቸው ፍቅር የጀመረው በዚያች በውሰት በተገኘች የጸሎት ቤት መሆኑን ይናገሩ ነበር። እንግዲህ ስለ አንድነት የተማሩት የመጀመሪያ ትምህርት ከመጽሐፍ የተገኘ አልነበረም፤ ቤቱ የተቃጠለበት ሰው ጎረቤቱ በሩን ሲከፍትለት በማየት የተገኘ ነበር።

በ1925 ወደ ዶሚኒካውያን ማኅበር ገቡ። የማኅበሩ ትምህርት ቤት ለሶልሽዋር ይባል ነበር፤ በፈረንሳይ ሀገር በመነኮሳት ማኅበራት ላይ በወጣው ሕግ ምክንያት በዚያን ጊዜ የሚገኘው በቤልጅግ ምድር ነበር። በዚያም አባ ማሪ ዶሚኒክ ሸኑ የተባሉ መምህር ትምህርተ ሃይማኖትን ከታሪክ ጋር አገናኝቶ መመርመርን አስተማሯቸው። ጁላይ 25 ቀን 1930 ቅስና ተቀበሉ። ለክህነት ሲዘጋጁም ጌታችን በሕማሙ ዋዜማ ስለ ደቀ መዛሙርቱ አንድነት የጸለየውን፣ በዮሐንስ ወንጌል በምዕራፍ 17 የተጻፈውን ጸሎት እያሰላሰሉ ሳሉ የተጠሩበት ሥራ ይህ መሆኑን ተረዱ።

በዚያ ዘመን ግን በሮማ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ስለ አንድነት መናገር ቀላል ነገር አልነበረም። ፓፓ ፒዮስ 11ኛ በ1928 ባወጡት መልእክት ካቶሊኮች ከሌሎች ጋር በአንድነት ጉባኤ እንዳይቀመጡ ተከልክለው ነበር። አንድነት ማለት የተለየው ሁሉ ወደ ሮማ መመለስ ነው ተብሎ ይታመን ነበርና ሌላ የሚመረመር ነገር ያለ አይመስልም ነበር። አባ ኮንጋር በ1937 «የተለያዩ ክርስቲያኖች» የተባለውን መጽሐፍ ባሳተሙ ጊዜ ግን ለየት ያለ መንገድ ጀመሩ። የተለዩት ወንድሞች በእጃቸው የያዙት እውነተኛ የክርስቶስ ሀብት እንዳለ፣ መለያየቱም የራሳቸውን ቤተ ክርስቲያን ጭምር እንደ ጎዳት፣ እርሷም ለዓለም ሁሉ የተሰጠውን ሙላት በሥራ ለመግለጥ እንዳልተቻላት ጻፉ። ይህም ማለት፣ ወንድም ከቤት ሲወጣ የሚጎድለው ለወጣው ብቻ ሳይሆን በቤት ለቀረውም ነው ማለት ነው።

ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ሲነሣ ለውትድርና ተጠሩ፤ በ1940 ተማርከው እስከ 1945 ድረስ በጀርመን ሀገር በኮልዲትዝና በሉቤክ ታስረው ቆዩ። ከእስር ከተመለሱ በኋላ በ1950 ያሳተሙት መጽሐፍ «በቤተ ክርስቲያን ውስጥ እውነተኛና ሐሰተኛ መታደስ» የሚል ነበር። መታደስ የሚለው ቃል ብዙ ሰዎችን ያስደነግጣል፤ መደንገጣቸውም ያለ ምክንያት አይደለም፤ በመታደስ ስም የአባቶች ሥርዓት ሲፈርስ ታይቷልና። የመጽሐፉ ጥያቄም ይህ ራሱ ነው፤ የሚያንጸው መታደስ ከሚያፈርሰው በምን ይለያል? አባ ኮንጋር አራት ምልክቶችን ሰጡ። አንደኛው፣ የሚያድሰው ሰው ከአእምሮው ሐሳብ ይልቅ ፍቅርንና የነፍሳትን እረኝነት ማስቀደሙ ነው። ሁለተኛው፣ ከመላው ቤተ ክርስቲያን ኅብረት አለመውጣቱ ነው። ሦስተኛው፣ መታገሡ፣ ይህም ማለት ጊዜው እስኪደርስ መጠበቅን ማወቁ ነው። አራተኛው፣ ከውጭ የመጣ አዲስ ነገር በመለጠፍ ሳይሆን ወደ ቀደመው የአባቶች ትውፊት ምንጭ በመመለስ የሚደረግ መሆኑ ነው። እነዚህን አራቱን የጻፈው ብዕር ብዙም ሳይቆይ በራሱ በጸሐፊው ሕይወት ላይ እንዲፈተን ሆነ።

በ1952 የመጽሐፉ ዳግመኛ መታተምና ወደ ሌላ ቋንቋ መተርጐም ከሮማ ተከለከለ። ከዚያም በ1954 በፌብሩዋሪ ወር በፈረንሳይ በፋብሪካ ከሠራተኞች ጋር ይሠሩ በነበሩት ካህናት ምክንያት በተነሣው ጭንቀት የዶሚኒካውያን ማኅበር ዋና አለቃ ወደ ፓሪስ መጥተው ሦስቱን የፈረንሳይ አውራጃ አለቆች ከሹመታቸው አወረዱ፤ አራት መምህራንንም ከሥራቸው አራቁ። ከአራቱ መካከል መምህራቸው አባ ሸኑና እርሳቸው አባ ኮንጋር ነበሩ። ከዚህም በኋላ በማስተማሪያቸው ወንበር እንዳይቀመጡ ተደርገው ወደ ኢየሩሳሌም ተላኩ።

የተቀመጡበት ቤት ከደማስቆ በር በስተ ሰሜን፣ በቅዱስ እስጢፋኖስ ስም በተሠራው የዶሚኒካውያን ገዳም ውስጥ ያለው፣ አባ ማሪ ዮሴፍ ላግራንዥ በ1890 የመሠረቱት የመጽሐፍ ቅዱስ ትምህርት ቤት ነው። ወደዚያ መንገድ የወጣ ተሳላሚ ሁሉ አጥሩን አይቶታል። ከተማዪቱ ከ1948 ጦርነት ወዲህ በሽቦ አጥር ለሁለት ተከፍላ ነበር። ሥራቸውን የተነጠቁት መምህር በተከፈለች ከተማ ተቀምጠው ስለ እግዚአብሔር ማደሪያ መጻፍ ጀመሩ፤ ይህም በ1958 የታተመው «የቤተ መቅደስ ምሥጢር» የተባለው መጽሐፋቸው ነው። በዚህ መጽሐፍ እግዚአብሔር በሰው መካከል ያደረበትን መንገድ ከመጀመሪያው ይከተላሉ። ለአበው በየጊዜው ይገለጥላቸው ነበር፤ ከዚያም በሙሴ ድንኳን ከሕዝቡ ጋር ተጓዘ፤ ከዚያም በሰሎሞን ቤተ መቅደስ ክብሩ ተገለጠ፤ በመጨረሻም የማይፈርሰው መቅደስ ሥጋ የሆነው ወልድ ራሱ ሆነ፤ ምእመናንም በእርሱ ሕያዋን ድንጋዮች ሆነው ታነጹ። የፈረሰውን ቤተ መቅደስ ስፍራ በየዕለቱ በሚያዩበት ከተማ ይህን መጻፋቸው በአጋጣሚ ብቻ የሆነ አይመስለንም።

በዚሁ በ1954 ሌላ ጽሑፍ ደግሞ ታተመላቸው። ዘመኑ ሮማና ቁስጥንጥንያ ከተለያዩበት ከ1054 ጀምሮ 900 ዓመት የሞላበት ነበርና የጽሑፉ ስም «ከ900 ዓመት በኋላ» የሚል ሆነ። በትምህርት ቤት የሚነገረው ታሪክ አጭር ነው፤ ጁላይ 16 ቀን 1054 የሮማው ልኡክ ካርዲናል ሁምቤርት በፓትርያርኩ በሚካኤል ኬሩላርዮስ ላይ የተጻፈውን የውግዘት ደብዳቤ በአያ ሶፍያ መንበር ላይ አኑሮ ወጣ፤ ፓትርያርኩም መልሶ አወገዘ፤ በዚያች ቀን ቤተ ክርስቲያን ተከፈለች ይባላል። አባ ኮንጋር ግን ነገሩ እንዲህ አይደለም አሉ። ልኡኩን የላኩት ፓፓ ሌዎን 9ኛ በዚያው ዓመት በኤፕሪል ወር አስቀድመው ሞተው ነበር፤ ውግዘቱም በሰዎች ላይ የተነገረ እንጂ በአብያተ ክርስቲያናት ሁሉ ላይ የተነገረ አልነበረም። የብዙ ዘመን በሽታ እንጂ የአንድ ቀን ቊስል አልነበረም።

ለዚያ በሽታ የሰጡት ስም መራራቅ የሚል ነው። በ330 የመንግሥቱ ዋና ከተማ ወደ ቁስጥንጥንያ በተዛወረ ጊዜ ምሥራቅና ምዕራብ ሁለት ማዕከል አገኙ። በሰባተኛው መቶ ዓመት የእስላም መንግሥት ሲነሣ የባሕሩ መንገድ ተቈራረጠ። በ800 ንጉሥ ካርል በሮማ የንጉሠ ነገሥትነትን ዘውድ ሲጭን በቁስጥንጥንያ እንደ ዓመፅ ታየ። ቋንቋም ለየ፤ ምሥራቆች ላቲንን፣ ምዕራቦች ግሪክን ረሱ። ታላቁ ግሪጎሪዮስ እንኳ በቁስጥንጥንያ የሮማ መልእክተኛ ሆኖ ዓመታት ሲቀመጥ ግሪክ አላወቀም ነበር። በመጨረሻም በ1204 የመስቀል ጦረኞች ቁስጥንጥንያን በዘረፉ ጊዜ በሊቃውንት መካከል የነበረው ክርክር በሕዝቡ ልብ ውስጥ ጥላቻ ሆኖ ተተከለ። አባ ኮንጋር ከዚህ ሁሉ ያወጡት ፍሬ ነገር ይህ ነው፤ መራራቅ ከዘመንና ከቦታ የሚመጣ ነገር ስለ ሆነ ብቻውን ኃጢአት ላይሆን ይችላል፤ ኃጢአት የሚሆነው መራራቁን ወድደን ስንቀበለውና ወንድማችንን ሳናውቀው መኖር እንደ ተፈጥሮ ነገር ሲመስለን ነው። እንዲህ ከሆነ መለያየት በ1054 ተፈጽሞ የቀረ ነገር አይደለም፤ መራራቁን በምንቀበልበት ቀን ሁሉ ዛሬም ይሠራል። የተቀበልነውን ልንተወው እንችላለንና በዚህ ትምህርት ውስጥ ተስፋ አለ።

ከዚህም የሚከተል ሌላ ነገር አለ። መለያየት በአንድ ደብዳቤ ካልመጣ በአንድ ፊርማም አይወገድም። በ1439 በፍሎሬንስ ጉባኤ የግሪክ ጳጳሳት የአንድነቱን ውል ፈርመው ወደ ሀገራቸው ሲመለሱ መነኮሳቱና ሕዝቡ አልተቀበሉትም፤ ውሉም ቁስጥንጥንያ በ1453 ከመውደቋ በፊት እንኳ ሥር መስደድ አልቻለም። ወደዚያው ጉባኤ በ1441 ከዚህ ከኢየሩሳሌም የኢትዮጵያውያን መነኮሳት አለቃ የነበሩት አባ ኒቆዲሞስ መልእክተኞች ልከው እንደ ነበር ታሪክ ያስረዳል፤ መልእክተኞቹ ግን በዐፄ ዘርዐ ያዕቆብና በኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን ስም ውል የሚገቡበት ሥልጣን አልነበራቸውም። ኋላም ዐፄ ሱስንዮስ በ1622 የሮማን ሃይማኖት ተቀብለው በ1626 ለፓትርያርክ አፎንሶ ሜንዴዝ በይፋ በማሉ ጊዜ ምን እንደ ተከተለ እናውቃለን። ሕዝቡ ያልተቀበለው አንድነት በንጉሥ አዋጅ ስለ ተጫነበት ብዙ ደም ፈሰሰ፤ በ1632ም የቀደመው ሃይማኖት ተመለሰ። ስለዚህ በእኛ ጆሮ አንድነት የሚለው ቃል መዋጥ ከሚለው ጋር ተቀላቅሎ ቢሰማ የሚያስደንቅ አይደለም። አባ ኮንጋር ስለ ግሪኮች የጻፉት የእኛንም ቊስል ይነካል።

አሁን ወደ ሁለተኛው ጥያቄ፣ ወደ ሥልጣን ነገር እንመለስ። አባ ኮንጋር የሮማ ልጅ ሆነው ሳሉ የሮማን ሥልጣን ታሪክ ያለ ፍርሃት መረመሩ። በ1968 እና በ1970 ባሳተሟቸው ሰፊ የታሪክ መጻሕፍት ያሳዩት፣ በመጀመሪያዎቹ 1000 ዓመታት ቤተ ክርስቲያን ሲባል የምእመናን ጉባኤ ሁሉ ይታሰብ እንደ ነበረ፣ ሥልጣንም በዚያ ጉባኤ ውስጥ ያለ አገልግሎት እንጂ ከጉባኤው በላይ የቆመ ኃይል እንዳልነበረ ነው። የካርታጎው ጳጳስ ቅዱስ ቆጵርያኖስ ያለ ካህናቱ ምክርና ያለ ሕዝቡ ፈቃድ በራሱ አሳብ ብቻ ምንም ላያደርግ ከሹመቱ መጀመሪያ አንሥቶ ወስኖ ነበር። በኤፌሶን ጉባኤ ዘመን ከቅዱስ ቄርሎስ ጋር የተባበረው የሮማው ከልስቲኖስም ጳጳስ በማይፈልጉት ሰዎች ላይ እንዳይጫን አዝዞ ነበር። ጳጳስ ሲሾም ሕዝቡ «ይደልዎ» እያለ መመስከሩ የዚሁ የቀደመ ሥርዓት ቅርስ ነው።

ለውጡ የመጣው በ11ኛው መቶ ዓመት ነው ይላሉ። ነገሥታት የክህነትን ሹመት በገንዘብና በፈቃዳቸው ሲሰጡ፣ ፓፓ ግሪጎሪዮስ 7ኛ ቤተ ክርስቲያንን ከነገሥታት እጅ ለማውጣት ሲሉ የሮማን ሥልጣን በሕግ ቋንቋ አጠነከሩት፤ በ1075 በተጻፈው ዝርዝርም ለሮማ ጳጳስ የሚገባውን መብት ሁሉ አስቆጠሩ። ዓላማው የቤተ ክርስቲያን ነጻነት ነበር፤ የተከተለው ግን የፍቅርና የኅብረት ቃል ለሕግና ለሥልጣን ቃል ስፍራ መልቀቁ ነው። ቀድሞ የጴጥሮስ እንደራሴ ይባሉ የነበሩት ፓፓዎች ከኢኖሴንት 3ኛ ዘመን ወዲህ የክርስቶስ እንደራሴ የሚለውን ስም ለብቻቸው ያዙ። ስለ ቤተ ክርስቲያን የሚጻፈውም ትምህርት ውሎ አድሮ ስለ ሹማምንቷ ብቻ የሚናገር ሆነ፤ መንፈስ ቅዱስና ምእመናን ተረሱ ብለው አባ ኮንጋር ወቅሰዋል።

ከዚህ ጋር የሚሄደው በ1972 ያሳተሙት ስለ መቀበል የሚናገረው ጽሑፋቸው ነው። መቀበል ሲሉ መታዘዝን ብቻ አይደለም። አንዲት ቤተ ክርስቲያን ራሷ ያልደነገገችውን ነገር ከሌላ ስትሰማ፣ በውስጡ የራሷን እምነት አውቃ የራሷ ስታደርገው መቀበል ይባላል። የኒቅያ ጉባኤ በ325 ተፈጸመ፤ ነገር ግን እስከ 381 እስከ ቁስጥንጥንያ ጉባኤ ድረስ 56 ዓመት የአርዮሳውያን ሁከት ቆይቶ ነው የ318ቱ አባቶች ቃል በዓለም ሁሉ የጸናው። ቅዱስ አትናቴዎስ በዚያ ዘመን ውስጥ አምስት ጊዜ ተሰድዷል። ጉባኤ እውነትን የሚያገኘው ሕዝብ ስለ ተቀበለው አይደለም፤ ነገር ግን የእውነት መንፈስ በጉባኤው እንደ ሠራ በመላው አካል ውስጥም ይሠራልና መቀበል የዚያ ሥራ ምስክር ነው።

ይህን ለሚያነብ ለአንድ የምሥራቅ መነኩሴ በ451 የተደረገው የኬልቄዶን ጉባኤ ወዲያው ትዝ ይለዋል። የግብፅና የሶርያ፣ የአርመንና የኢትዮጵያ አብያተ ክርስቲያናት ያን ጉባኤ አልተቀበሉም። የእኛ ነገር ከ1054 በ603 ዓመት ይቀድማል፤ ጥያቄው ግን ያው ነው። አባቶቻችን ያልተቀበሉት ጉባኤ ስለ ታዘዘባቸው ብቻ ሊገዛቸው አይችልም ነበር። በዚህም ላይ ከክርክሩ ጋር የቋንቋ ልዩነትና የንጉሠ ነገሥቱ ወታደር ተጨምሮበት ነበርና አባ ኮንጋር መራራቅ ያሉት በዚያም ሥራውን እንደ ሠራ ማየት ይቻላል። በ1971 በቪየና የጀመሩት የሁለቱ ወገን ሊቃውንት ውይይቶችና ሜይ 10 ቀን 1973 ፓፓ ጳውሎስ 6ኛና የእስክንድርያው ፓትርያርክ ሺኖዳ 3ኛ በሮማ የፈረሙት የጋራ ቃል ያሳዩት ይህንኑ ነው፤ ስለ ቃል ሥጋ መሆን የሚያምኑትን፣ አንዱ ሌላውን ንስጥሮሳዊ ወይም አውጣኪያዊ ሳያሰኝ፣ በአንድነት መናገር ተቻላቸው። ሆኖም መንገዱ እንዳልተፈጸመ የሚያስታውስ ነገር በ2024 በማርች ወር ሆነ፤ የግብፅ ቤተ ክርስቲያን ሲኖዶስ በሮማ በወጣ አንድ ሰነድ ምክንያት ከካቶሊኮች ጋር የሚደረገውን የሃይማኖት ውይይት ለማቆም ወሰነ። መቀበል በግድ የማይሆን መሆኑ በዚህም ይታወቃል።

የተሰደዱት መምህር ፍጻሜ ምን ሆነ? ከኢየሩሳሌም ወደ ሮማ፣ ከሮማ በኋላም በ1956 ወደ እንግሊዝ ሀገር ወደ ካምብሪጅ ተላኩ፤ በዚያው ዓመት መጨረሻ በስትራስቡርግ እንዲቀመጡ ተፈቀደ። በ2000 እና በ2002 መካከል የታተሙት የዕለት ማስታወሻዎቻቸው እንደሚያሳዩት በዚያ ዘመን ልባቸው እጅግ ተመርሮ ነበር፤ በሮማ ሹማምንት አሠራር ላይ የጻፉት ቃል ለስላሳ አይደለም። ነገር ግን ማኅበራቸውን አልለቀቁም፤ ተከታይ ሰብስበው ሌላ ወገን አላቆሙም፤ መጻፋቸውንም አልተዉም። በ1950 ከጻፏቸው አራት ምልክቶች ሁለቱን፣ በኅብረት መኖርንና መታገሥን፣ በገዛ ሥጋቸው ፈጸሙአቸው።

ፓፓ ዮሐንስ 23ኛ በ1959 ጉባኤ እንደሚጠሩ ካስታወቁ በኋላ በ1960 አባ ኮንጋርን ከጉባኤው አዘጋጆች አማካሪዎች መካከል ቈጠሯቸው። ከ1962 እስከ 1965 በተደረገው በሁለተኛው የቫቲካን ጉባኤ ቀን ከሌሊት ሠሩ፤ ኖቬምበር 21 ቀን 1964 ከወጡት ሰነዶች ስለ ቤተ ክርስቲያን በሚናገረው ውስጥ ሕዝበ እግዚአብሔርን የሚመለከቱ አንዳንድ አንቀጾች ከእጃቸው የወጡ ናቸው። በዚያ ሰነድ ስለ ሕዝበ እግዚአብሔር የሚናገረው ምዕራፍ ስለ ጳጳሳት ሥልጣን ከሚናገረው ቀድሞ ተቀመጠ፤ ይህ የምዕራፍ ቅደም ተከተል ለማያስተውል ሰው ትንሽ ነገር ይመስላል፤ የአባ ኮንጋርን የታሪክ ጥናት ላነበበ ግን የብዙ ዘመን ሚዛን መመለሱን ያሳያል። ከኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን የተላኩ ታዛቢዎችም ከሌሎች የምሥራቅ አብያተ ክርስቲያናት ታዛቢዎች ጋር በጉባኤው ተገኝተው ነበር። ጃንዋሪ 5 ቀን 1964 ፓፓ ጳውሎስ 6ኛና የቁስጥንጥንያው ፓትርያርክ አቴናጎራስ በዚህ በደብረ ዘይት ተገናኝተው ተሳሳሙ፤ ዲሴምበር 7 ቀን 1965 ደግሞ የ1054ን ውግዘት ከመታሰቢያ አነሡ። ከአሥር ዓመት በፊት በዚህችው ከተማ በስደት የተቀመጡት ሰው ስለ መራራቅ የጻፉት ነገር ፍሬ ማፍራት ጀመረ።

በኋላ ዘመናቸው አባ ኮንጋር ስለ መንፈስ ቅዱስ ሦስት ቅጽ መጽሐፍ ጽፈው በ1979 እና በ1980 አሳተሙ። ምዕራባውያን በጸሎተ ሃይማኖት ላይ የጨመሩትን «ከወልድም» የሚለውን ቃል፣ ትምህርቱ በቅን ከተተረጐመ መናፍቅነት እንዳልሆነ ከታወቀላቸው፣ ለወንድማማችነት ሲሉ ሊተዉት ይቻላቸዋል ብለው በዚያ ጻፉ። መንፈስ ቅዱስ ከአብ የሠረፀ መሆኑን ለምናምን ለእኛ ይህ ቃል ሙሉ መልስ አይደለም፤ ነገር ግን ከአንድ የሮማ ሊቅ የተሰማ ትልቅ ትሕትና ነው። ብዙ ዓመት በነርቭ በሽታ ተሠቃይተው እጅና እግራቸው ቢደክምም፣ የመጨረሻ ዘመናቸውን በፓሪስ በጉዳተኛ አርበኞች ቤት አሳለፉ። በ1994 በኖቬምበር ወር ፓፓ ዮሐንስ ጳውሎስ 2ኛ ካርዲናል አድርገው ሾሟቸው፤ ጁን 22 ቀን 1995 በ91 ዓመታቸው ዐረፉ።

አንድ ነገር ሳንሸሽግ መናገር ይገባናል። አባ ኮንጋር እስከ ሞታቸው ድረስ የሮማን ጳጳስ ቀዳሚነት አልካዱም። በ1870 በመጀመሪያው የቫቲካን ጉባኤ ስለ ፓፓው አለመሳሳትና በሁሉ ላይ ስላለው ሥልጣን የተወሰነውን ሰርዙት አላሉም፤ ከሰፊው የአባቶች ትውፊት ጋር ተያይዞ እንደገና ይመርመር፣ እንደገናም ይተርጐም፣ በዚያም መልክ ዳግመኛ መቀበል ያስፈልገዋል አሉ። ኦርቶዶክሳዊ አንባቢ በዚህ ሊያርፍ አይችልም፤ መላዪቱን ቤተ ክርስቲያን የሚገዛ አንድ ጳጳስ በቀደሙት ሦስቱ ጉባኤያት አላየንምና። ስለዚህ ልዩነቱ አለ፤ የሌለ አስመስሎ መናገር ለአንድነት አይጠቅምም። አባ ኮንጋርም ራሳቸው የፈለጉት የሃይማኖትን ቊም ነገር ሸፍኖ መታረቅ አልነበረም።

እንግዲህ ተሳላሚዎች ሆይ፤ ከእኚህ ሰው ሕይወት ይዘን የምንሄደው ምንድር ነው? ሃይማኖታችንን ማላላት አይደለም። የአባቶቻችንን ቃል የተቀበልነው በደም ተጠብቆ ነውና ለማንም ፊርማ አንሸጠውም። ነገር ግን ሃይማኖትን መጠበቅና ወንድምን አለማወቅ ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው። በአንድ ጣሪያ ሥር 100 ዓመት አብረን ኖረን የጎረቤታችንን ቅዳሴ ትርጓሜ፣ የጾሙን ቀን፣ የቅዱሳኑን ስም ሳናውቅ ብንቀር ይህ የሃይማኖት ጽናት ሳይሆን መራራቅን መውደድ ነው። በመቃብሩ ደጃፍ ላይ ተራችንን ስንጠብቅ የሚቀድመንን ሰው እንደ ባዕድ ማየት እንችላለን፤ ቤታችን በተቃጠለ ጊዜ የቤቱን በር ሊከፍትልን የሚችል ጎረቤት አድርገን ማየትም እንችላለን። ሹማምንት ይፈራረሙ ይሆናል፤ ሊቃውንትም ይመካከሩ ይሆናል፤ የተፈረመው ግን በእንደ እናንተ ያለ ሰው ልብ ካልተቀበለው ወረቀት ሆኖ ይቀራል። መቀበልም መራራቅም ከእያንዳንዳችን የሚጀምር ነው።

ስለ ደቀ መዛሙርቱ አንድነት በዚህች ከተማ የጸለየ ጌታችን ኢየሱስ ክርስቶስ፣ እርሱ በሚወደው ጊዜና እርሱ በሚወደው መንገድ ልመናውን ይፈጽምልን። ተሳልማችሁ በሰላም ወደ ቤታችሁ ያግባችሁ።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።